አምስት ሰዓት ከአሥር

ሰውዬው ክቡን አሳምረው ሣሉት። ግራ እጃቸው ጭናቸው ላይ እንደተኛ፣ በቀኝ እጃቸው እስክሪብቶውን ጨብጠው አናቱ ላይ 12 ጻፉ፤ ከዚያ 1፣ 2፣ 3 እያሉ በቀኝ በኩል ወደ ታች ወረዱ። 6 ላይ ሲደርሱ ቆም አሉና 7ን፣ 8ን፣ 9ንና የቀሩትን እዚያው ቀኝ በኩል ቀድሞ ከጻፏቸው ቁጥሮች ጎን ደራረቧቸው። የክቡ ግራ ግማሽ ባዶውን ቀረ። «ይኸው» ብለው ወረቀቱን ለሐኪሟ ሰጧት።

«ጋሼ፣ እስኪ አንዴ ይዩት። የጎደለ ነገር የለም?»

አዩት። «ምን ይጎድለዋል? ሰዓት አይደል እንዴ!»

ገርጂ ውስጥ ባለች በዚህች ጠባብ የምርመራ ክፍል፣ ከሰውዬው ጀርባ የቆመው ልጃቸው ፊቱ ተለዋወጠ። የመጡት ለሌላ ጉዳይ ነበር። አባቱን ስትሮክ ከመታቸው ሦስት ወር አልፏል፤ ዛሬ ከዘራ ይዘው ይራመዳሉ፣ ይቀልዳሉ፣ ሊጠይቃቸው የመጣውን ሁሉ በስሙ ይጠራሉ። ዕድሜ ልካቸውን ከባድ መኪና ሲነዱ የኖሩ ናቸውና ቤት መዋሉ አንገፍግፏቸዋል። ልጅየው መንጃ ፈቃዳቸውን ለማሳደስ «ድነዋል» የሚል ወረቀት ሊያጽፍ ነው ይዟቸው የመጣው።

ሐኪሟ ወረቀቱን ወደ ጎን አድርጋ ልጁን ስለ ምግብ ጠየቀችው። ይበላሉ፣ ግን ያስተርፋሉ። የት በኩል? ልጁ ትንሽ አሰበ። በግራ በኩል። ለካ ወጡ ከትሪው በስተግራ ሲወጣ «ደረቅ እንጀራ ነው እንዴ የምታበሉኝ?» እያሉ ይቆጡ ኖሯል። ትሪው ሲዞርላቸው ደግሞ ጨርሰው ይበሉታል። ቤተሰቡ የእርጅና ንጭንጭ መስሎት ነበር።

የሰውዬው ዓይን ያያል። ችግሩ ያለው የቀኙ የአንጎል ክፍል በመጎዳቱ በግራ በኩል ያለውን ዓለም ልብ ማለት መተዉ ላይ ነው። አንጎሉ ራሱ መጉደሉን ስለማያውቅ ሰውዬው አይዋሹም፣ አይደብቁምም፤ እውነታቸውን ነው ምንም አልጎደለም የሚሉት። በእኛ አገር መንገድ ደግሞ ከፊት የሚመጣው መኪና የሚመጣው በግራ በኩል ነው። ወረቀቱ በዚያ ቀን አልተጻፈም።

ይህን ጉዳት ከመንጃ ፈቃዱ ጉዳይ በፊት ያወቀ ሰው አልነበረም። የሲቲ ስካኑ ፊልም በትልቅ ፖስታ ታሽጎ መጥቷል፤ የደም ግፊቱ በየጊዜው ተመዝግቧል፤ ፊዚዮቴራፒውን በሥርዓት ተከታትለውታል። ነገር ግን «ያስባሉ ወይ? ምን ያህል ያስባሉ? የትኛው የማሰብ ክፍል ነው የተጎዳው?» ብሎ ወረቀትና እስክሪብቶ ያቀረበላቸው አልነበረም። ስትሮክን የምንለካው በእግር ነው። ተነሥቶ ከሄደ ዳነ፣ ካልተነሣ አልዳነም። ለቤተሰብም፣ እውነቱን ለመናገር ለብዙ ሐኪምም፣ ነገሩ እዚህ ላይ ያበቃል።

ልማዱ የቆየ ነው። ፕሮፌሰር ረዳ ተክለሃይማኖትና ባልደረቦቻቸው በቡታጅራ አካባቢ ቤት ለቤት ዞረው 60,820 ሰዎችን ያዳረሱበትና እ.ኤ.አ. በ1990 የታተመው ጥናት በአገራችን የነርቭ ሕመሞች ቆጠራ ውስጥ ትልቅ ቦታ አለው። በዚያ ጥናት ስትሮክ የተመዘገበው ግማሽ አካል በመስነፉ ነበር፤ ከ100,000 ሰው 15። በጊዜው ከዚያ የተሻለ መቁጠሪያ አልነበረም። በስትሮክ ተመትቶ እጅ እግሩ የዳነለት፣ ግን ገንዘብ መቁጠር ያቃተው ገበሬ በእንዲህ ያለ ቆጠራ ውስጥ ሊገባ አይችልም። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የነርቭ ሕክምና ስፔሻላይዜሽን የጀመረውም እ.ኤ.አ. በ2006 ነው፤ ስለዚህ ዛሬ በተመላላሽ ክፍል አንድን በሽተኛ ለግማሽ ሰዓት ተቀምጦ የሚፈትን ሐኪም ማግኘት ዕድለኝነት ነው።

ጉዳዩ ግን ትንሽ አይደለም። የአሜሪካ የልብ ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2023 ባወጣው ሳይንሳዊ መግለጫ መሠረት ከስትሮክ የተረፉ ሰዎች እስከ 60 በመቶ የሚደርሱት በመጀመሪያው ዓመት ውስጥ የማስታወስ፣ የማስተዋል ወይም የማቀድ ችግር ይገጥማቸዋል። የአንዳንዱ ከጊዜ ጋር ይመለሳል፤ የአንዳንዱ ይብሳል። በኦክስፎርድ የተጠናቀረ ሌላ ጥናት ደግሞ ለመጀመሪያ ጊዜ ስትሮክ ከመታቸው ሰዎች ከአሥሩ አንዱ ብዙም ሳይቆይ ዲመንሺያ እንደሚይዘው፣ ስትሮኩ ከተደገመ ግን ቁጥሩ ከሦስት አንዱን እንደሚያልፍ አሳይቷል። የግፊት መድኃኒቱን መዋጥ የሚረሳ ሰው ስትሮኩ የመደገሙ ዕድል ይሰፋል፤ ሲደገም ደግሞ መርሳቱ ይብሳል። የአእምሮ ምርመራ የቅንጦት የሚመስለው ሰው ይህን ዙሪያ ጥምጥም ቢያየው ጥሩ ነው።

መፈተኛዎቹ ብዙዎች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1975 እነ ፎልስቲን ያወጡት «ሚኒ ሜንታል» ለዘመናት የዓለም ሐኪሞች ሁሉ መለኪያ ሆኖ ኖሯል፤ ቀንና ቦታ ይጠይቃል፣ ሦስት ቃላት ያስይዛል። ለስትሮክ ግን ደካማ ነው፤ ስትሮክ ብዙውን ጊዜ የሚያጠቃውን የማቀድና ሐሳብን ከአንዱ ወደ ሌላው የማዛወር ችሎታ እምብዛም አይነካውም። በሞንትሪያል ዶክተር ዚያድ ናስረዲን ያዘጋጁትና እ.ኤ.አ. በ2005 የታተመው «ሞካ» ይህን ክፍተት ሊሞላ መጣ። ከ30 ነጥብ ይታረማል፤ 26ና ከዚያ በላይ ደህና ይባላል፤ የተማረው 12 ዓመት ወይም ከዚያ በታች ለሆነ ሰው 1 ነጥብ ይመረቅለታል። ኩብ ያስቀዳል፣ እንስሳት ያስጠራል፣ ከ100 እየተነሣ 7፣ 7 ያስቀንሳል፣ አምስት ቃላት አስይዞ ቆይቶ ይጠይቃል። ሰዓትም ያስሥላል።

ሰዓቱ ላይ ትንሽ እንቆይ፤ ከሞንትሪያል እስከ ቦሌ ያለው ርቀት የሚታየው እዚያ ላይ ነውና።

የሞካ ሰዓት በፈረንጅ አቆጣጠር አሥራ አንድ ከአሥር ላይ እንዲሆን ነው የሚታዘዘው። ይህ በዘፈቀደ የተመረጠ አይደለም። ረጅሙ ጠቋሚ 2 ላይ መሄድ አለበት፤ የፊተኛው የአንጎል ክፍሉ የተጎዳ ሰው ግን «አሥር» የሚለውን ሲሰማ ከ11 ጎን ወዳለው 10 ይሳባል፤ ራሱን መግታት ያቅተዋል። ወጥመዱ እሱ ነው። አሁን ይህን እንዳለ ወደ አማርኛ አምጥተን «አሥራ አንድ ሰዓት ከአሥር» እንበል። ሰሚው የሚያስበው ሰው ከሥራ የሚወጣበትን አመሻሽ ነው፤ በብዙዎቻችን የእጅ ሰዓት ላይ ደግሞ በዚያ ጊዜ አጭሩ ጠቋሚ ያለው 5 ላይ ነው። «አምስት ሰዓት ከአሥር» ብንልስ? አንዱ አጭሩን 11 ላይ ያደርጋል፤ ሰዓቱን በአበሻ አቆጣጠር የሞላው ሌላው ሰውዬ 5 ላይ። ሁለቱም ልክ ናቸው። መልሱን ከመመሪያው ጋር ብቻ የሚያስተያይ መርማሪ ግን አንዱን በሽተኛ ያደርገዋል።

ቦሌ ላይ ነገሩ ይወሳሰባል። የአየር መንገድ ሠራተኛው፣ የኤምባሲው ሾፌር፣ የዓለም አቀፍ ድርጅቱ ጡረተኛ ቀኑን ሙሉ በፈረንጅ ሰዓት ሲሠራ ኖሮ ማታ ከቤተሰቡ ጋር በአበሻ ያወራል። ሐኪሟ ለዚህ ቀላል ዘዴ አላት፤ ከመፈተኗ በፊት «ጠዋት አንድ ሰዓት ሲሆን በእርስዎ ሰዓት ላይ አጭሩ የት ነው ያለው?» ብላ ትጠይቃለች። መልሱን በወረቀቱ ጥግ ጽፋ፣ እርማቱን በዚያ ታስተካክላለች። በየትኛውም መመሪያ ላይ ያልተጻፈ፣ አንድ ደቂቃ የማይፈጅ ነገር ነው።

ቀኑም እንዲሁ ነው። «ዛሬ ስንት ነው?» ሲባሉ «ሚካኤል ነው» የሚሉ እናት ወሩ 12 መሆኑን ያውቃሉ፤ «ነገ መድኃኔ ዓለም ነው» ካሉም ዛሬ 26 ነው ማለታቸው ነው። ይህ መልስ እንዲያውም ከቁጥሩ ይከብዳል፤ ቁጥሩን ግድግዳ ላይ ካለ የቀን መቁጠሪያ ማንበብ ይቻላል። ረመዳንን ጠብቆ የሚቆጥር ሙስሊምም በራሱ መንገድ ቀኑን ይዞታል። ዓመተ ምሕረቱን በፈረንጅ የሚናገር ጡረተኛ ደግሞ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ወደፊት የሄደ ይመስላል። አንዳንዱ በሽተኛ ግን አቆጣጠሮቹን ያደባልቃል፤ ወሩን በአበሻ፣ ዓመቱን በፈረንጅ ይላል፣ ከዚያ ራሱን ይጠራጠራል። ይህ ልማድ ነው ወይስ ጉዳት? ለይቶ ለማወቅ ከስትሮኩ በፊት እንዴት ይናገር እንደነበር ቤተሰቡን መጠየቅ ብቻ ነው ያለው።

ቦታ ሲጠየቅ የምሥራቅ አዲስ አበባ ሰው ፈተናው ይከብደዋል። «ክፍለ ከተማዎ?» ሲባል «ቦሌ» ይላል፤ ለሚ ኩራ ከቦሌና ከየካ ተቆርሶ ክፍለ ከተማ ከሆነ ገና ጥቂት ዓመት ነው። ሆስፒታሉን «ኮሪያ» ይለዋል፤ በወረቀቱ ላይ ያለው ኦፊሴላዊ ስም ግን ሌላ ነው። ከካዛንቺስ ወይም ከፒያሳ ተነሥተው ቦሌ አራብሳ ወይም የካ አባዶ ኮንዶሚኒየም የገቡ አዛውንት «የት ነው የሚኖሩት?» ሲባሉ የድሮ ሰፈራቸውን ቢጠሩ ዘንግተው ሊሆን ይችላል፤ ናፍቀውም ሊሆን ይችላል። ከቦሌ ድልድይ እስከ መገናኛ በኮሪደር ልማቱ ማግስት መንገድ የጠፋውን ሁሉ የመርሳት በሽተኛ ብለን ብንመዘግብ እኔንም ጨምሮ አልጋ አይበቃንም።

ትምህርት ሌላው ወጥመድ ነው። «ስንት ዓመት ተማሩ?» ለሚለው ጥያቄ በቄስ ትምህርት ቤት ዳዊት ደግመው ያደጉ አዛውንት በመመሪያው መሠረት ዜሮ ዓመት ይጻፍላቸዋል፤ የማስታወስ ሥልጠናቸው ግን ከብዙ የዩኒቨርሲቲ ምሩቅ ይበልጣል። በ1971 ዓ.ም. በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ፊደል የቆጠሩ እናት ደግሞ ያነብባሉ፤ ግን እርሳስ ይዘው ኩብ ሥለው አያውቁም። ለእኒህ ሴት ባለ ስድስት ገጽ ሣጥን ገልብጦ መሣል ስትሮክ ባይኖርም ከባድ ነው። እንዲህ ያለውን ሰው 1 ነጥብ በመመረቅ ብቻ መካስ ቀልድ ይመስለኛል።

በፊደል ላይ የተመሠረቱትም ጥያቄዎች እንዲሁ ናቸው። ቁጥርና ፊደል እያፈራረቁ በመስመር ማያያዝ ሲታዘዝ አንዱ 1፣ ሀ፣ 2፣ ለ ብሎ ይሄዳል፤ ሌላው ደግሞ ከሀ ቀጥሎ ሁን ይፈልጋል።

መፍትሔ የፈለጉ አልጠፉም። እ.ኤ.አ. በ2015 የታተመው የሞካ ቀለል ያለ ቅጂ ላልተማሩ ሰዎች የተሠራ ነው፤ በፊደል ከሚጀምር ቃል ይልቅ ፍራፍሬ ያስቆጥራል፤ የ13 ዶላር ዕቃ በ1፣ በ5ና በ10 ዶላር በምን በምን ዓይነት መንገድ ሊከፈል እንደሚችል ይጠይቃል። (በእኛ ገበያ የ13 ብር ዕቃ ፈልጎ ማግኘቱ ራሱ ሌላ ፈተና ነው።) በኪሊማንጃሮ ሥር በታንዛኒያው የሃይ ወረዳ አዛውንትን የመረመሩ ሐኪሞች ደግሞ እርሳሱን ትተው የክብሪት እንጨት አቀረቡ፤ መርማሪው በእንጨቶቹ የሠራውን ቅርጽ አዛውንቱ በራሳቸው እንጨቶች መልሰው ይሠሩታል። ክብሪት ያልያዘ እጅ የለም። ከኦክስፎርድ የወጣውና ለስትሮክ ብቻ ተብሎ የተሠራው ሌላ መፈተኛ ደግሞ መናገር ያቃተው ሰው በጣቱ እየጠቆመ እንዲመልስ ያደርጋል፤ አንዱን ወገን የሚዘነጋውን በሽተኛም በገጹ ላይ ከተበተኑ ሥዕሎች ሙሉዎቹን እየለየ ምልክት እንዲያደርግባቸው በማዘዝ ይይዘዋል። ገርጂ ላይ በሰዓቱ የተያዙት ሰውዬ በዚህም በተያዙ ነበር።

እዚህ ላይ ስለ አስታማሚ አንድ ነገር ሳልናገር ባልፍ ይቆጨኛል። እኛ አገር በሽተኛ ብቻውን አይመረመርም። ልጅ፣ ሚስት፣ የእህት ልጅ፣ አንዳንዴም ጎረቤት አብሮ ይገባል። ሐኪሟ «እማማ፣ ቅድም ከነገርኩዎት ቃላት የቱን ያስታውሳሉ?» ስትል ከኋላ ሹክሹክታ ይሰማል። አንድ ቀን አምስቱንም ቃላት የመለሱት አስታማሚዎቹ ነበሩ፤ በሙሉ ነጥብ። ክፉ አስበው አይደለም፤ እናታቸው በሰው ፊት እንዳያፍሩ ነው። ሐኪሟ ሁልጊዜ አስቀድማ «የምጠይቅዎት የልጅ ጥያቄ ይመስላል፤ ለሁሉም የምጠይቀው ነው፣ ይቅር ይበሉኝ» ትላለች፤ ቤተሰቡን በፊት በትሕትና ከበሽተኛው ፊት ለፊት፣ ከራሷ ጀርባ ወንበር ላይ ታስቀምጥ ነበር። ከንፈር ቢንቀሳቀስ አዛውንቱ ያያሉ፤ ስለዚህ አሁን አሁን ከክፍሉ ታስወጣቸዋለች።

የአስታማሚው ጥቅም ሌላ ቦታ ነው። እ.ኤ.አ. በ1989 በአውስትራሊያ የወጣ አንድ መጠይቅ በሽተኛውን ትቶ የቅርብ ዘመዱን ይጠይቃል፤ ከአሥር ዓመት በፊት ከነበሩት ጋር ሲነጻጸሩ ዛሬ እንዴት ናቸው? ስትሮኩ ከመምጣቱ በፊት የጀመረ መርሳት ካለ የሚገኘው በዚህ ነው። ቤተሰብ ብዙውን ጊዜ «ያው ጃጅተዋል» ብሎ ያልፈዋል። ሐኪሟ ጥያቄዎቹን ወደ ሰፈር ታወርዳቸዋለች። የዕቁቡን ገንዘብ ራሳቸው ነው የሚቆጥሩት? የዕድር ቀን ያስታውሳሉ? በቴሌብር ሲልኩ ይሳሳታሉ? ከአያት በባቡር ተሳፍረው ብቻቸውን መውረጃቸው ላይ ይወርዳሉ? ቡና ሲያፈሉ ቅደም ተከተሉ ይዛነፍባቸዋል? አንዲት ልጅ እናቷ ቡናውን ሳይወቅጡ ጥሬውን ቆልተው በቀጥታ ጀበናው ውስጥ እንደጨመሩት ነግራታለች። ኩብ ከማስቀዳት ይህ ወሬ ይበልጣል፤ አእምሮ ሥራን በደረጃ የሚያደራጅበት ክፍል መጎዳቱን በአንድ ዓረፍተ ነገር ይናገራል።

የቋንቋው ነገር ደግሞ አለ። ቦሌ ሚካኤል የሶማሊኛ ተናጋሪው ብዛት የታወቀ ነው፤ ከጎሮ ወደ ውጭ ሲኬድ አፋን ኦሮሞ የአፍ መፍቻው የሆነ አዛውንት ብዙ ነው። ገበያ የሚበቃ አማርኛ ለፈተና አይበቃም። በአማርኛ ተፈትኖ ዝቅተኛ ነጥብ ያገኘ ነጋዴ በሶማሊኛ ቢፈተን ሌላ ሰው ሊሆን ይችላል፤ አስተርጓሚው የወንድሙ ልጅ ከሆነ ግን መልሱ ተስተካክሎ ነው የሚመጣው። ስትሮክ ከሁለት ቋንቋ አንዱን ለይቶ የሚጎዳበትም ጊዜ አለ፤ በሁለቱም ሳይፈትኑ መፍረድ ትልቅ ስሕተት ነው።

መቼ ይፈተን የሚለው ላይ ሐኪሞች ብዙም አይለያዩም። በመጀመሪያዎቹ ቀናት አንጎሉ ያበጠ፣ እንቅልፉ የተዛባ፣ ትኩሳት ያለው ሰው ነጥቡ ይወድቃል፤ ያ ነጥብ ለመነሻ እንጂ ለፍርድ አይሆንም። ሦስት ወር አካባቢ ሲደገም የተሻለ ይናገራል። ድብርትም መታየት አለበት። ከስትሮክ በኋላ በጣም የተለመደ ነው፤ ድብርት ያለበት ሰው «አላውቅም» ይላል፣ አይሞክርምም።

የፈተናው ውጤት ከክሊኒክ ወጥቶ መንገድ የሚሻገርበት አንድ ቦታ አለ፦ ንብረት። በቦሌና በአካባቢው የአንድ ቤት ዋጋ ቤተሰብን ያጣላል። አባት ወይም እናት በስትሮክ ሲመቱ መጀመሪያ ከሚነሡት ነገሮች አንዱ ውክልና ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአእምሮ ሕመም ወይም በእርጅና የሚሠራውን ነገር ውጤት መረዳት ያቃተውን ሰው የሚጠብቅበት መንገድ አለው፤ ፍርድ ቤት ሰውየው በራሱ ሕጋዊ ተግባር እንዳይፈጽም ሊከለክልና ሞግዚት ሊያቆምለት ይችላል። ሕጉ የሚጠይቀው መረዳትን ነው። ከ30 ስንት አገኘ አይልም፤ 19 ያገኘ ሰው ቤቱን ለማን እንደሚሰጥ ጥርት አድርጎ ሊያውቅ ይችላል፣ 27 ያገኘውም በቀላሉ ሊታለል ይችላል።

ሲኤምሲ አካባቢ ከሚኖሩት በሽተኞቿ መካከል ሐኪሟ ለረጅም ጊዜ የተቀመጠችላቸው አንዲት እናት አሉ። ስትሮኩ በግራው የአንጎል ክፍል ስለነበር ቃል ከአፋቸው አይወጣም፤ ስማቸውን መናገር ያቅታቸዋል። ጸሎታቸውን ግን ሲጀምሩላቸው እስከ መጨረሻው ይደግሙታል፤ ለዘመናት የተደጋገመ ንግግር በሌላ መንገድ ስለሚሄድ ነው። በሞካ ቢፈተኑ ከጥቂት ነጥብ አያልፉም። ልጆቻቸው «እቴቴ አእምሮዋን ስታለች» የሚል ወረቀት ፈልገው ነበር።

ሐኪሟ አዎና አይ የሚባልባቸውን ጥያቄዎች ብቻ አዘጋጀች። ቤቱ የባለቤትዎ ነው? የእርስዎ ነው? ከሸጡት በኋላ እዚያው መኖር ይችላሉ? እየገለባበጠች፣ አንዱን ጥያቄ ሁለት ጊዜ በተቃራኒው እያደረገች ጠየቀች፤ በአጋጣሚ ራሳቸውን የሚነቀንቁ እንዳይሆን። ሴትዮዋ አንዱንም አልተሳሳቱም። መጨረሻ ላይ «ለልጅዎ ውክልና ይሰጣሉ?» ስትላቸው «እምቢ» አሉ፤ ጥርት ባለ ድምፅ፣ ሁለት ጊዜ። በዚያ ሰዓት ተኩል ውስጥ ከጸሎቱ ሌላ የተናገሩት ይህን ብቻ ነው።

በካርዳቸው ላይ የሰፈረው እንዲህ ይላል፦ የመናገር ችሎታቸው በከፍተኛ ደረጃ ተጎድቷል፤ ስለ ንብረታቸው በአዎና በአይ የተጠየቁትን ይረዳሉ፤ የቃል ፈተና ውጤት ለዚህ በሽተኛ መለኪያ ሊሆን አይችልም፤ ከሦስት ወር በኋላ ተመልሰው ይታያሉ። ታላቅ ልጃቸው የካርዱን ፎቶ በስልኩ አነሣ፤ ለጠበቃው ሊያሳይ።